ሐምሌ ላይ የተዘጋው መዝገብ

አርባ ምንጭ፣ ጥቅምት 25 ቀን 1988 ዓ.ም.

ይድረስ ለምወድህ አባቴ፤

እንደምን ከርመሃል? ሳልህ ተሻለህ ወይ? እናቴስ፣ የደጋው ብርድ እንዴት አድርጓታል? እኔና ልጆቹ አለን፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ትንሿ የፊት ጥርሷን ነቅላ አፏን እየሸፈነች ነው የምትስቀው። እዚህ ሙቀቱ በርትቷል፣ የወባ ትንኙም እንደዚያው።

አባዬ፣ በአንተ ቅር ያለኝን ነገር ከሐምሌ ጀምሮ ስጽፍና ስቀድ ነው የከረምኩት። ዛሬ ደክሞኛል፤ ሳላሳምር እነግርሃለሁ።

ባለቤቴ ባፈና ሰኔ ላይ ሲደበድበኝ ፖሊስ ጣቢያ የሄድኩት በንዴት አልነበረም። አምስተኛው ጊዜ ነበር። አራቱን ለማንም አልተናገርኩም፤ አንተም የመጀመሪያው መስሎህ ነበር። ዐቃቤ ሕጉ ክስ መሠረተ፣ ቀጠሮ ተሰጠ። የባፈና ወንድሞች ወንድማችንን ታረቂው እያሉ ሦስት ጊዜ ተመላለሱ፣ ሦስቴም መለስኳቸው። በአራተኛው ብልጥ ሆኑ፤ ካምባ ድረስ ወጥተው አንተን ይዘው መጡ።

በር ስከፍት ከሽማግሌዎቹ ሁሉ ፊት አንተ ነበርክ፤ ጫማህ ጭቃ በጭቃ ሆኖ፣ እርጥብ ሣር ይዘህ። ከዚያ ተንበረከክህ። በእኛ አገር እርጥብ ሣር ተይዞ ሲለመን ባዕድ እንኳ ቢሆን እምቢ አይባልም። የገዛ አባቷ እግሯ ሥር የተንበረከከባት ሴትማ ምን ትላለች? ታርቄያለሁ፣ ተነሣ አልኩ። ለባፈና ብዬ አይደለም፤ አንተን ከመሬት ለማንሣት ነው። እሱም አጠገብህ ተንበርክኮ ከእንግዲህ እጄን አላነሣባትም ብሎ ማለ። ሣር ይዞ የማለውን አያፈርስም ብለህ አጽናናኸኝ። ከልብህ እንዳመንከው ፊትህ ላይ ይታይ ነበር።

ሐምሌ ላይ ፍርድ ቤት ስንቀርብ ዳኛው በፈቃድሽ ነው የታረቅሽው፣ ያስገደደሽ ሰው አለ ወይ ብሎ ጠየቀኝ። ደገመልኝ፤ ያስገደደሽ የሚለውን ቀስ ብሎ፣ ቀና ብሎ እያየኝ ነው የጠየቀኝ። ዞር ብዬ አየሁህ። አግዳሚው ላይ ባርኔጣህን አቅፈህ አይዞሽ በሚል ዓይነት ራስህን ትነቀንቅልኝ ነበር። በፈቃዴ ነው አልኩ። ተበዳይ ስለታረቀች መዝገቡ ተዘግቷል፣ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ ተብሎ ተነበበ። ባፈናም እፊት ለፊት ካለው ሻይ ቤት ለሁላችሁም ለስላሳ ጋበዘ፤ ያንተን ጠርሙስ ራሱ ከፈተልህ።

አልፈርድብህም። እኔ አፌን ዘግቼ ኖሬ አንተ ከየት ታውቃለህ? ግን አባዬ፣ ሣሩን ከመያዝህ በፊት አንዴ ለብቻዬ ጠርተህ ምን ሆንሽ ልጄ ብትለኝ ኖሮ ሁሉንም እነግርህ ነበር። ቅር ያለኝ እሱ ብቻ ነው።

ፊደሌ ተንጋድዶ ብታይ አይግረምህ፤ በግራ እጄ ነው የምጽፈው። ቀኙ በጀሶ ታስሯል፣ በስድስት ሳምንት ይፈታል ብለውኛል። ልጆቹን ይዤ እዚሁ አርባ ምንጭ አጠገብ ጫኖ፣ አብራኝ የተማረችው አገኘሽ ቤት ነኝ። ቤቷ ሙዝ መሀል ነው፤ ልጆቹ ወደውታል። ለእናቴ ደህና ናቸው በላት፤ ስለ እጄ ግን ቀስ ብለህ ንገራት። መልስ ስትልክልኝም በዚያኛው ቤት አድራሻ አታድርገው።

ዐቃቤ ሕጉ አዲስ መዝገብ አስከፍቷል። ቀጠሮው ኅዳር 12 ነው። የባፈና ወንድሞች መንገዱን ስለለመዱት ሰሞኑን እናንተ ዘንድ መውጣታቸው አይቀርም። ያኔ ደግሞ የገብስ አጨዳ ነው። አደራህን አባዬ፣ በዚያ ሰሞን ሥራ ይብዛብህ።

እመብርሃን ከጉሙም ከብርዱም ትሰውርህ፤ እናቴን አቅፈህ ሳምልኝ።

የምትወድህ፣ የማትቀየምህ
ልጅህ