ባንዳ ያጣች ከተማ

ጥር 9 ቀን 1962፣ ነገሌ

ምሳ፣ ፍየል ጥብስ። ጥሩ ነበር። የፊልም ሥራው ግን… ወደራ ላይ ባንዳ ስፈልግ «ፊልቱ ነው የነበሩት» አሉኝ። ፊልቱ ስደርስ «ነገሌ»። ዛሬ ነገሌ ደግሞ «ወደራ» አለችኝ። እስካሁን የመዘገብኩት አሥራ አንድ አርበኛ፤ የሆቴሌን ባለቤት የእትዬ ተናኘወርቅን ሟች ባል ጨምሮ። ታዲያ ጣሊያን አምስት ዓመት ብቻውን ነው የገዛው?

«ያንተስ አባት?» አሉኝ እትዬ ተናኘወርቅ።

«አርበኛ።»

አሥራ ሁለት።

አለቃዬ ቁርጡን ነግረውኛል፦ ለጣሊያን የሠራ አንድ ሰው እንኳ ሳልቀርጽ ከተመለስኩ የዶሮ እርባታ ፊልም ነው የምሠራው። የቀረኝ ሦስት ጥቅል ፊልም ነው። እያንዳንዱ ሦስት ደቂቃ እንኳ አይሞላም።

ጥር 11

ተገኘ! ሾፌሬና አስተርጓሚዬ ጃታኒ አገኘልኝ። ኦቦ ዱባ ይባላሉ። የጣሊያንን መኪኖች ወደ ጎሣቸው ኤላ፣ ወደ ውኃ ጉድጓዱ፣ መርተዋል። አይክዱም!

ግራር ሥር ተቀመጥን። ካሜራውን አስነሳሁ። «አካም? ናጋ?» አሉ። ቤተሰቡ ሰላም? ከብቱ ሰላም? ሣሩስ? አዲስ አበባ ዘነበ? ፊልሙ አለቀ።

«ገና ግመሎቹ ጋ አልደረስንም» አለ ጃታኒ።

ጥር 12

ዛሬ ብልጥ ሆንኩ። ሰላምታውን ጨርሰን፣ ግመሎቹንም ጠያይቀን፣ ከዚያ ካሜራ። ኦቦ ዱባ አፋቸውን ሲከፍቱ ወዳጃቸው ዋሪዮ በዚያ ሲያልፍ አየን። ሰላምታው እንደ አዲስ፦ «ናጋ?»…

አንድ ጥቅል ቀረኝ። እግዜር ያሳያችሁ።

ጥር 13

ኦቦ ዱባ ዛሬ እሳቸው ጠየቁ። «የማን ልጅ ነህ?»

«የወሎ ሰው ነኝ።»

«አገርህን አልጠየቅኩህም። የማን ልጅ እንደሆነ ለማላውቀው ሰው ነውሬን አልናገርም» ይላሉ፣ አለ ጃታኒ።

ራሴን አሞኛል ብዬ ተነሳሁ። ውሸቴን ነው።

ጥር 14

ካሜራውን ለጃታኒ ሰጠሁት። «ሲጀምሩ ተጫን» አልኩት። ከዚያ ለኦቦ ዱባ ነገርኳቸው። አባቴ ደሴ ላይ የጣሊያን አስተርጓሚ ነበር። ከእናቴ ሌላ ከማንም ጋር አውርቼው አላውቅም። አፈርኩ።

ዞር ስል ካሜራው እየሠራ ነው። ወደኔ ዞሮ!

«ምን ነካህ?»

«አንተ ነህ የጀመርከው፣ ጋሼ!»

የመጨረሻው ጥቅል አለቀ። ኦቦ ዱባ ያኔ መናገር ጀመሩ። እስከ ማታ። ለምን መሩ? «ፈርቼ።» ከዚያ በኋላ ጎሣው አግልሏቸው፣ አራት ዓመት ከብቶቻቸውን ኤላው ላይ የሚያጠጣላቸው ሰው አጡ። እኔ አለቀስኩ፣ እሳቸው ወተት አስቀዱልኝ።

ጥር 15

ቁርስ ላይ ለእትዬ ተናኘወርቅ የአባቴን እውነት ነገርኳቸው። ሻዬን ሁለት ጊዜ ቀዱልኝ።

«የኔም ባል…» አሉ በመጨረሻ። «የጣሊያንን ስንቅ ይጭን ነበር። ብትቀርጸኝ እናገራለሁ። ግን ነጠላዬን ልቀይር።»

ከአሥራ ሁለቱ አርበኛ አሥር ቀረ።

ለአለቃዬ ቴሌግራም መታሁ፦ «ባንዳ ተገኝቷል። ፊልም ይላክልኝ።» የማን አባት እንደሆነ ስመለስ እነግራቸዋለሁ።