እሁድ በራዲዮ የሚሰማው ሙሾ

ሄልሲንኪ፣ ሐሙስ ጠዋት

ውድ እናቴ፣

እንዴት ከርመሻል? ጉልበትሽስ ከብርዱ ጋር እንዴት ሆነ? ላሟ ወለደች ወይ? እኔ በጤናዬ ደህና ነኝ። በሌላው ግን ደህና ስላልሆንኩ ቶሎ ልናገርና ይውጣልኝ።

እሁድ ከሰዓት በኋላ የታውኖን አዲስ ሲምፎኒ ራዲዮ ያስተላልፈዋል። የልጄ ባል ሥራ ነው ብለሽ ጎረቤት ሰብስበሽ እንደምትሰሚው አውቃለሁ። ሦስተኛው ክፍል ላይ አንዲት ሴት ትዘፍናለች። የምትዘፍነው ሙሾ ነው፣ እማዬ። የወንድሜ የሚትሪ ሙሾ።

በእግዚአብሔር ይዤሻለሁ፣ ሳትቀድጂው እስከ መጨረሻው አንብቢው።

በጦርነቱ የመጨረሻ በጋ ከጠፋ ወዲህ፣ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ፣ “ሬሳውን ሳላይ ለልጄ አላለቅስም፤ በሕይወት ላለ ሰው ሙሾ ማውረድ ሞት መጥራት ነው” እንዳልሽ አለሽ። ማዕድ በቀረበ ቁጥር ሳህኑን ታስቀምጪለታለሽ። እኔ ግን አልቻልኩም። አምና በጋ ሳውናው ውስጥ፣ በእንፋሎቱ መሃል፣ ብቻዬን ሆኜ አለቀስኩለት። ከአንቺ እንደተማርኩት፣ እንደ ትውልድ አገራችን እንደ ካሬሊያ ደንብ፣ ስሙን ሳልጠራ “የደጃችን ፀሐይ” እያልኩ አወረድኩት። ለካ ታውኖ ውሃ ይዞ መጥቶ በሩ ላይ ቆሟል። ምንድን ነው ሲለኝ “የመንደራችን የድሮ ዘፈን ነው” አልኩት። እሱ የምዕራብ ፊንላንድ ሰው፣ ሉተራን፣ ሙሾን የት ያውቃል? አመነኝ። ድገሚልኝ አለኝ፤ ደገምኩለት። እርሳሱን አንስቶ ጻፈው። ያኔ ዝም ማለቴ ነው ጥፋቴ።

ታውኖን ታውቂዋለሽ። የቤተ ክርስቲያን ደዋይ ልጅ ነው፤ ከደወሉ ሥር ነው ያደገው። የመጀመሪያ ሲምፎኒው በተሰማ ማግስት አንዱ ጋዜጣ “እርጥብ እንጨት ነው፤ ይጨሳል እንጂ አይነድም” ብሎ ጻፈበት። ከዚያ ወዲህ ኑሮው ለተማሪዎች መዝሙር ማስተማርና ለፋብሪካ ምረቃ ማርሽ የሚሉትን የሰልፍ ዜማ መጻፍ ሆነ። አንቺም ብትሆኚ “ፒያኖ ከሚደበድብ ላም ቢያልብ ይሻለው ነበር” ስትዪ አልነበር? አሁን ሃምሳ አንድ ሞልቶታል። ይህ ካመለጠው ሌላ ዕድል አይመጣለትም።

ትናንት ልምምድ ላይ ነበርኩ። ሴትዮዋ ዘፍና ስትጨርስ ሙዚቀኞቹ ተነስተው ለታውኖ አጨበጨቡለት። ከዚያ ባስ የሚሉትን ትልቁን ባለ ክር መሣሪያ ቆሞ የሚጫወተው ሽማግሌ እየተጎተተ ወደ እኔ መጣ። የእኛው አገር ሰው ኖሯል።

“ልጄ፣ ይሄ እኮ ዘፈን አይደለም። ማን ሞቶብሽ ነው?” አለኝ።

“ማንም” አልኩት።

“ተይ እንጂ! ለማንም እንዲህ አይለቀስም።”

ትራም ላይ ታውኖ “ሽማግሌው ምን አለሽ?” ብሎ ጠየቀኝ። ሁሉንም ነገርኩት። የሙዚቃውን ወረቀት አጥፎ ቦርሳው ውስጥ ከተተው። ቀጥሎ “እኔ የሰው ሐዘን ወስጄ ነዋ ያጨበጨቡልኝ” አለ። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። “እናትሽን ጠይቂ፤ እምቢ ካለች ሦስተኛውን ክፍል አወጣዋለሁ።” “ያለሱ ምን ይቀራል?” ስለው፣ “ማርሽ” አለኝ።

ስለዚህ እስከ ቅዳሜ ቀትር ቴሌግራም ላኪልን። “ይሁን” ወይም “ይቅር” ይበቃል። ይሁን ማለት ላንቺ ልጅን መቅበር እንደሆነ ይገባኛል። ይህን ልጠይቅሽ ፊት የለኝም። እኔ ግን ሁለቱንም እወዳለሁ፤ ባሌንም፣ ወንድሜንም።

አንድ ነገር ቀርቷል። ሙሾው መሃል ላይ ወንዝ ይነሳል፤ ከዳሩ የወደቀ ዛፍ አለ፤ ግራ እጁ በእናቱ ፎጣ የታሰረም አለ። ከራሷ ፈጥራ ነው እንዳትዪ። ያን ወንዝ እኔ አላየሁትም። ከካሬሊያ ተፈናቅለን ወደ አዲሱ መንደር በገባንበት መጸው፣ አንቺ እንጉዳይ ልትለቅሚ ጫካ በወጣሽበት ቀን፣ አንድ የሚያነክስ ወታደር ቤታችን መጥቶ ነበር። ወንዙ ዳር ያየውን ነግሮኝ፣ ቡና እንኳ ሳይቀምስ ሄደ። ስትመለሺ ቅርጫትሽ ሞልቶ እየሳቅሽ ነበር የገባሽው፤ ልነግርሽ አልደፈርኩም። ከዚያ ወዲህ እንደዚያ ስትስቂ አላየሁሽም።

እግዚአብሔር ጉልበትሽን ያጽናው፤ ቤትሽን ይጠብቀው። በየደብዳቤዬ ማሳረጊያ “ሚትሪን በሰላም ያግባልን” እያልኩ ስጽፍልሽ ኖሬአለሁ። ዛሬ እጄ እምቢ አለኝ።

ነፍሱን ይማርልን።

ልጅሽ