ኦቦ ቶለሳ ኪስ ያለው ፖስታ

እሑድ፣ ጥቅምት 16

አሁን ነው የሄዱት፤ የጠጡበትን ብርጭቆ እንኳ አላነሳሁም። አባዬ እሺም እምቢም አላለም። ፍቅረኛዬ ለሚ አሥር ጊዜ ደውሏል፤ ምን ብዬ እንደምነግረው ጨንቆኛል።

ሦስት ሽማግሌዎች ናቸው የመጡት። መሪያቸው የለሚ አጎት ኦቦ ቶለሳ ናቸው፣ ከቡራዩ። ሽማግሌ በመጀመሪያው ቀን እሺ እንደማይባል አውቃለሁ፤ «ቤተሰብ ላማክር» ይባልና ቀጠሮ ይሰጣል። የአባዬ ቤተሰብ ግን እኔው ነኝ። እማዬ ካረፈች አራት ዓመት ሆናት፣ ሱሉልታ የቀረነው ሁለታችን ብቻ ነን። ለሚ ደግሞ ሰበታ ፋብሪካ ውስጥ መካኒክ ነው፣ ቤቱም እዚያው። ካገባሁ የምሄደው ወደ ሰበታ ነው። ከሱሉልታ ሰበታ ለመድረስ ከተማውን ከዳር እስከ ዳር ማቋረጥ ነው። አባዬ ብቻውን ሊቀር ነው።

የዛሬው ቅሌት ግን የራሴ ሥራ ነው። አባዬ ጡረታ የወጣ የሒሳብ መምህር ይሁን እንጂ ልቡ ያለው ቼዝ ላይ ነው፤ ከጨዋታውም ይልቅ የተጫዋቾቹ ኑሮ ላይ። ሌላው ልጅ በተረት ሲያድግ እኔ ያደግኩት በነሱ ወሬ ነው። አንዱ የዓለም ሻምፒዮን የሒሳብ መምህር ነበር (ይሄን ሳልሰማ ወር አያልፍም)። አንዱ የኦፔራ ዘፋኝ ለመሆን ተፈትኖ ወድቋል። አንዲት ሴት ነበረች፣ የረታቻቸው ወንዶች ተሰብስበው ክለብ አላቸው እየተባለ ይቀለድባቸው ነበር፤ እሷን በጣም ነው የምወዳት። እና ብልጥ ነኝ ብዬ መምህሩንና ዘፋኙን ለኦቦ ቶለሳ በስልክ አስጠናኋቸው። የአባዬን ልብ ያለሰልሳል ብዬ።

ኦቦ ቶለሳ ገና ቁጭ እንዳሉ ጉሮሯቸውን ጠራርገው፣ «ያ የኦፔራ መምህር የነበረው ሻምፒዮን እኮ፣ እሱም ቢሆን ልጁን ድሯል» አሉ። ጓዳ በር ጀርባ ቆሜ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። አባዬ ሳቁን እንደምንም ዋጥ አድርጎ በሩን አየ። ማን እንዳስጠናቸው ገብቶታል።

ዋናው ጥያቄ ሲቀርብ ግን ሳቁ ጠፋ። ከዚያ ከመሳቢያ ፖስታ አወጣና፣ «ድሮ ትልልቅ ጨዋታ በአንድ ቀን አላልቅ ሲል፣ ተረኛው ቀጣዩን እርምጃ ጽፎ፣ አሽጎ ለዳኛው ይሰጣል። በቀጠሮው ቀን ይከፈታል። እስከዚያ የተሻለ ቢያስብ እንኳ መቀየር አይችልም» አላቸው። ጀርባውን ሰጥቶ ጻፈ። አሸገ። ማሸጊያው ላይ ፈረመበት። «ዳኛው እርስዎ ነዎት፤ የሚመጣው እሑድ ይምጡ።»

ኦቦ ቶለሳ ፖስታውን አገላብጠው አዩና ደረት ኪሳቸው ከተቱት። «ስንት ቤት ለሽምግልና ገብቻለሁ፣ እንዲህ ያለ መልስ ግን ዛሬ ገና አየሁ» እያሉ ወጡ።

ለለሚ ደወልኩ።
«እሺ ነው እምቢ?»
«ፖስታ ነው።»
«ምን ማለት ነው ፖስታ?»
ብነግረውም አልገባውም።

ሰኞ፣ ጥቅምት 17

አዲሱ ገበያ ያለው የምሠራበት መነጽር ቤት ቀኑን ሙሉ ደንበኛ አልነበረውም፤ ለማሰብ ጊዜ ነበረኝ። የእሺ ምልክቶች፦ ለሚን ይወደዋል። ሽማግሌዎቹን እስከ በር ሸኝቷቸዋል። የእምቢ ምልክቶች፦ ከትናንት ጀምሮ ስሜን አልጠራም። ቼዙን አውጥቶ ለብቻው ይጫወታል፣ ነጩንም ጥቁሩንም ራሱ።

ማታ ቤት ስገባ ነገሩን ዞር አድርጌ፣ «በፖስታ መሸነፉን የጻፈ ተጫዋች አለ እንዴ?» አልኩት።
«ሞልቷል። ሰው ፊት ማለቱ ሲከብደው።»
መሸነፍ ለሱ እሺ ነው እምቢ? ጠይቄው የባሰ ግራ ተጋባሁ።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 18

ምንም። ብርድ ብቻ። የሱሉልታ ጥቅምት ለጠላትም አይስጥ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19

ኦቦ ቶለሳ ሥራ ቦታ ደወሉልኝ።

«አካም ጅርታ ምሕረት። አባትሽ ፖስታውን ይመልሱልኝ እያሉኝ ነው። ዳኛ ብለው ሾሙኝ፣ ዳኝነቱን ግን አላስተማሩኝም። ምን ላድርግ?»

ሕጉን አውቀዋለሁ። አይመለስም። ግን እሺ ብሎ ከሆነ የጻፈው፣ ሊቀደው ነው የፈለገው። እምቢ ብሎ ከሆነ ደግሞ ሊያስተካክለው። ብይዘውም ብመልሰውም ልጎዳ እችላለሁ።

«መብራት ላይ ይዤ ልየው እንዴ?» አሉኝ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

«ኧረ በጭራሽ!» አልኩ። እውነቱን ልጻፍ፣ ቶሎ አላልኩም። ትንሽ አስቤ ነው። እስከ ነገ ይጠብቁኝ ብያቸው ስልኩን ዘጋሁ።

ቤት ስገባ አባዬ ሸሚዙን አጥቦ ያሰጣል። በሕይወቱ ሸሚዝ አጥቦ አያውቅም። ኮሌታው ላይ አረፋው እንዳለ ነው። «ልልመደው ብዬ ነው» አለ፣ ሳያየኝ። ገብቼ ቦርሳዬን እንደያዝኩ አልጋዬ ላይ ተቀመጥኩና አለቀስኩ። ልሂድ እያለኝ ነው ወይስ እንዴት ትተይኛለሽ? አላወቅኩም። የሆነው ሆኖ አንጀቴን በላኝ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 20

ኦቦ ቶለሳን ይመልሱለት አልኳቸው። የፖስታው ሕግ ለተጋጣሚ ነው፤ እኔና አባዬ ደግሞ ተጋጣሚ አይደለንም። ፈቃዱን ባይሰጠኝ ይሻላል፣ ሳይወድ ከሚሰጠኝ።

ለሚ ይህን ሲሰማ ተቆጣ። «የሁለታችንን ነገር ብቻሽን ወሰንሽ? እኔስ?» አለኝ። እውነቱን ነው። ይቅርታ ልለው ስል ስልኩን ዘጋው።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 22

ኦቦ ቶለሳ ትናንት እኔ ሥራ ሳለሁ ከቡራዩ ድረስ መጥተው ፖስታውን ለአባዬ ሰጥተውታል። አባዬ ስለሱ አንድ ቃል አልተነፈሰም። አሳፋሪ ነገር አድርጌያለሁ፦ እሱ ቤተ ክርስቲያን ሲሄድ የቆሻሻ ቅርጫቱን በረበርኩ። የተቀደደ ወረቀት የለም። ምድጃውንም አየሁ። ምንም የለም።

ለሚ ከሰዓት ደወለ። «እናቴ ብቻዋን የምትቀር ብትሆን እኔም እንዲሁ ነበር የማደርገው» አለኝ። ይህን ሲለኝ የበለጠ ወደድኩት።

እሑድ፣ ጥቅምት 23

መጡ። አባዬ የበዓል ኮቱን ለብሶ ጠበቃቸው። ሰላምታው እንዳለቀ እጁን ኮቱ ውስጥ ከተተና ፖስታውን አወጣ። እንደታሸገ ነው። ፊርማው አልተነካም።

«ዳኛ ፖስታ አይመልስም። ማን እንዳዘዘዎት ለሁሉም ይንገሩ» አለ።

ኦቦ ቶለሳ በአገጫቸው ወደ ጓዳ ጠቆሙ።

«ነይ፣ ውጪ» አለኝ። የተጠየቀች ልጅ ሽማግሌ ፊት አትቀርብም፤ እኔ ግን ወጣሁ።

«ሕጉን እያወቅሽ ነው?»
«አዎ።»
«እሺ ብዬ ጽፌስ ቢሆን? ልቀደው ቢሆንስ?»
«ያንተ ቃል ነው አባዬ። ከልብህ ካልሆነ አልፈልገውም።»

ፖስታውን እጄ ላይ አስቀመጠው። «ክፈቺው።» በዚያ ጥቁር ሰሌዳ ላይ በሚጽፍበት ቀጥ ያለ ፊደሉ እንዲህ ይላል፦ «ይሁን። ለሚ ጨዋ ልጅ ነው።»

«ያን ዕለት የጻፍኩት ነው» አለ ለሽማግሌዎቹ፤ የሚናገረው ግን ለእኔ ነበር። «ብቻዬን መሆኔን ሳስብ ሐሳቤን እንደምቀይር ስለማውቅ ነው ያሸግኩት። ረቡዕ ቀየርኩ። ልቀደው ነበር ያስመለስኩት። ኦቦ ቶለሳ ‹ይመለስላቸው ያለችው ልጅዎ ናት› ሲሉኝ ግን እጄ እምቢ አለኝ።»

ኦቦ ቶለሳ «ገለቶማ! ገለቶማ!» እያሉ እያመሰገኑ ተነስተው ጉልበቱን ሊስሙ ሲሉ እሱ ቀድሞ ትከሻቸውን ያዘ። ሠርጉ ለጥር ተባለ።

ከሄዱ በኋላ ለለሚ ደወልኩ። «እሺ» ብቻ አልኩት። ሲያለቅስ ሰማሁት። አባዬ ስልኩን ከእጄ ወሰደና፣ «አንተ፣ ከዛሬ ጀምሮ አባዬ ነው የምትለኝ» አለው።

ሲመልስልኝ እጁን ያዝኩት። እንደተያያዝን ብዙ ቆየን። ጥር ገና ነው እያልኩ ራሴን አጽናናለሁ። ገና አይደለም፤ ሦስት ወር እንኳ አይሞላም።