የማማ ቋንቋ

ለውድ እናቴ፣

እማዬ፣ እንደምን ሰንብተሻል? የአዳማ ሙቀት እንዴት ይዞሻል፣ ጉልበትሽስ ቀለል አለልሽ ወይ? ወንድሜ ወንድይራድስ መድኃኒትሽን በሰዓቱ ይሰጥሻል ወይስ እንደ ልማዱ ስልኩ ላይ ተደፍቶ ይረሳዋል? እኛ ለቸሩ መድኃኔዓለም ምስጋና ይግባውና ሁላችንም ደህና ነን። ደህና ነን ማለቴ እንኳ ወጉ ነው፤ እኔን ሰሞኑን አንድ ሐሳብ መቆሚያ መቀመጫ አሳጥቶኛል። የምለምንሽ ነገር ስላለ ከሥሩ ልንገርሽ።

የምሠራበት አልናብሩ መጋዘን ፈረቃዬ ተቀይሮ ከአዲስ ሰዎች ጋር ገብቻለሁ። ከነሱ መሃል ኡና የምትባል አየርላንዳዊትና ካለም የሚባል የስኮትላንድ ሰው አሉ። ሁለቱም የየአያቶቻቸው ቋንቋ አላቸው፤ ቋንቋዎቹ ዘመዳሞች ናቸው። ታዲያ ምሳ ሰዓት በደረሰ ቁጥር ጦርነት ነው! እሱ ሁለቱንም ገሊክ ብሎ ሲጠራ፣ እሷ ያ ያንተው ስም ነው፣ የኛን አይሪሽ በል ትለዋለች። ከኛ ደሴት ነው የተሻገረላችሁ ስትለው፣ ማን ነገረሽ፣ ባሕሩ መንገድ ነበር፣ ድሮም በሁለቱም ዳር ይነገር ነበር ይላታል። ደግሞ በካለም አገር፣ ቋንቋውን ማንም በማይናገርበት ከተማ የባቡር ጣቢያ ሰሌዳ ላይ መጻፉ ምን ይረባል የሚሉ ሰዎች አሉ፤ የነሱ ነገር ሲነሳ የካለም ፊት በርበሬ ይመስላል።

እኔ ሞኟ፣ ሰው እንዲህ ተጣልቶ እያየሁ ዝም ማለት አላስችል አለኝ። የቤተ ክርስቲያናችንን ሽማግሌ ጋሽ ሳህሉን ለመንኩና፣ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሁለቱንም ብሪን ሰፈር አጠገብ ወዳለው ቤታችን ጠራኋቸው። ጋሽ ሳህሉ ነጠላቸውን አስተካክለው ቆሙና፣ ሰይጣን መሃላችሁ ሳይገባ ስለ እግዚአብሔር ብላችሁ ይቅር ተባባሉ ብለው ጀመሩ፤ ባለቤቴ በየነ በዚህ በኖርዌይ ቋንቋ፣ በኖርሽክ ይተረጉማል። ሁለቱ ተያዩና በሳቅ ፈነዱ። ለካ ባልና ሚስት ናቸው! ክርክሩ የትዳራቸው ማጣፈጫ ነው። ጋሽ ሳህሉ፣ ያልተጣላ ሰው አስታርቄ አላውቅም ብለው አኩርፈው ተቀመጡ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ሳቁ በረድ ሲል ኡና ወደ ልጄ ወደ ናታሊ ዞራ፣ እናንተ ቤት የሚነገረው ቋንቋስ ምን ይባላል ብላ ጠየቀቻት። የልጅ ልጅሽ ምን ብትል ጥሩ ነው? በኖርሽክ፣ የማማ ቋንቋ አለች። እማዬ፣ ዘጠኝ ዓመቷ ነው፤ የኛ አላለችም። እነዚያ በቋንቋቸው ስም የሚሟገቱት የራሳቸው ስለሆነ ነው። ልጄ ግን የምትሟገትለት የላትም። ከዚያ ቀን ወዲህ እህል አልወርድ ብሎኛል። አንቺ በስልክ ስታነጋግሪያት በኖርሽክ አዎና አይ ለማለት ያ፣ ናይ ብቻ ብላ ስልኩን ወደ እኔ የምትገፋው ነገር ዓይኔ ላይ እየመጣ ያቃጥለኛል።

ኡና እንዳጫወተችኝ፣ አገሯ ልጅ ሁሉ ቋንቋውን ትምህርት ቤት ለዓመታት ይማረዋል፤ ገበያ ላይ የሚናገረው ግን ጥቂት ነው። እሷ በቋንቋው አፏን የፈታችው ትምህርት ሲዘጋ ቋንቋው ወደሚነገርበት መንደር እየተላከች፣ አንዲት ሴትዮ ቤት እየተቀመጠች ነው። እዚያ እንግሊዝኛ የደጋገመ ልጅ ወደ ቤቱ ይመለስ ነበር አሉ።

እኔም ናታሊን በሰኔ መጨረሻ ልልክልሽ ነው። በየነ ብቻዋን? እያለ ይሟገተኛል፤ እኔም ጠዋት ትሂድ፣ ማታ ትቅር እላለሁ። ብትታመምስ? ብታለቅስስ? ግን አሁን ካልሆነ መቼ ሊሆን ነው? አደራሽን፣ ወንድይራድ በእንግሊዝኛ እንዳያናግራት፤ እሱ ያዘነላት መስሎት ያበላሽብኛል። ውኃ ፈልጋ በጣቷ ብታሳይሽም ቶሎ አትስጫት፤ በአፏ፣ በአማርኛ እስክትጠይቅሽ ጠብቂያት። እኔ ይህችን መስመር ሦስቴ ሰርዤ ነው የጻፍኳት። አንቺ ግን ጨክኚልኝ።

ወንድይራድን ሳሚልኝ። ሚስቱን ሄርሜላን እንኳን ማርያም ማረችሽ በይልኝ፣ ሕፃኑንም ደረቱ ላይ ሳሚልኝ። ጎረቤታችንን እትዬ ፍሬን ናፍቄያቸዋለሁ በያቸው። በየነ እጅ ነስቷል። የናታሊን ሰላምታ ግን አልጽፈውም፤ እስከ ዛሬ ሁሌም እኔ ነበርኩ የምልላት። ዘንድሮ ራሷ መጥታ ትበልሽ።

ልጅሽ ሮማነወርቅ
ኦስሎ፣ ግንቦት 12 ቀን 2017 ዓ.ም.