ከኋላ በቀኝ በኩል

ውድ የልጄ እናት፣

ይህን ደብዳቤ የምጽፍልሽ በመኪናችን የኋላ ቀኝ ወንበር ላይ ተቀምጬ ነው። መኪናዋ ግቢ ውስጥ ቆማለች፤ ሞተሩ ጠፍቷል፣ በሮቹም ክፍት ናቸው። አራት ዓመት ሙሉ አንቺን ያስቀመጥኩበት ቦታ ምን እንደሚመስል ለማየት ብዬ ገባሁና መውጣቱ አቃተኝ። ከዚህ ሆኖ የሚታየው የሾፌሩ ወንበር ጀርባ ነው፤ ሾፌር ሲኖር ደግሞ ማጅራቱ። ማጅራቴን ለአራት ዓመት ማየት ደስ የሚል ነገር እንዳልሆነ አሁን ገብቶኛል።

እህትሽ ቤት ከሄድሽ ዛሬ አሥራ ዘጠኝ ቀን ሆነ። ቅዳሜ የልጃችን ምርቃት ነው። ባለፈው እሑድ ደውላ፣ እናቴ በአውቶቡስ ነው የምመጣው ብላለች፣ አንተ በመኪና ና አለችኝ። ሁለታችን የማንተዋወቅ እንግዶች ነው የምንመስለው። ስለዚህ ቅዳሜ ከመድረሱ በፊት መናገር ያለብኝ ነገር አለ። ፊት ለፊት ብናገረው በሁለተኛው ዓረፍተ ነገር ላይ ወደ ሌላ ወሬ እንደምሸሽ ታውቂያለሽ፤ ስለዚህ ጻፍኩት።

ከጋራዡ ልጀምር፤ ነገሩ የፈነዳው እዚያ ነውና። መካኒኩን ታውቂዋለሽ፤ መኪና ስታልፍ ሰምቶ ሕመሟን ስለሚናገር ሰፈሩ ሁሉ ጆሮ የሚለው ሰውዬ ነው። ያን ቀን እጁን በጨርቅ እየጠረገ ሲመጣ አንቺ እንደተለመደው ከኋላ በቀኝ በኩል ተቀምጠሽ፣ መስኮቱን ዝቅ አድርገሽ ነበር። ጉብታ ስሻገር ከኋላ ቋ የሚል ድምፅ አለ አልኩት። ሁልጊዜ ነው ወይስ አንዳንዴ ብሎ ጠየቀኝ። አንዳንዴ አልኩት። መቼ ይጠፋል አለኝ። እኔም ሐኪም ፊት እንደቀረበ በሽተኛ እውነቱን ዘረገፍኩት፤ ባለቤቴ እዚያ ወንበር ላይ ስትቀመጥ ይጠፋል አልኩ።

«ስንት ኪሎ ሲጫንበት ማለት ነው፣ ጋሼ?»

ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የሱቅ ሚዛን ስፈትሽ የኖርኩ ሰው ነኝ። ኪሎ ከተጠየቅኩ አፌ ከእኔ ቀድሞ ይመልሳል።

«ሰባ አንድ» አልኩ።

«ስልሳ ስምንት» አልሽ አንቺ በመስኮቱ።

ከዚያ በሩን ከፍተሽ ወረድሽ፣ ቦርሳሽን አነሳሽ፣ ወደ አስፋልቱ ሄድሽ። ልከተልሽ ስል ጆሮ ክንዴን ያዘኝ። ሊያጽናናኝ መስሎኝ ነበር። እሱ ግን ዓይኑ መኪናዋ ላይ ነው።

«አዩ ጋሼ፣ እትዬ ሲወርዱ ኋላዋ አራት ጊዜ ነጠረች። አንዴ ተነስታ ዝም ማለት ነበረባት። ሾኩ አልቋል።»

አንቺ ታክሲ ውስጥ ስትገቢ እኔ «የትኛው ሾክ?» እያልኩ ነበር። ለዚህ ይቅርታ አልጠይቅም፤ የሚጠየቅበትም አይመስለኝም። ከሌላ ሰው ከምትሰሚው ከእኔ ስሚው ብዬ ነው።

አሁን ደግሞ ያልነገርኩሽን። የዛሬ አራት ዓመት፣ ዝናብ በጣለ ቀን፣ ጎረቤታችንን ልብስ ሰፊዋን ወደ ክሊኒክ ስናደርሳቸው፣ ጉልበታቸውን ስለሚያማቸው የፊቱን ወንበር ለቀሽላቸው አንቺ ከኋላ በቀኝ በኩል ገባሽ። ለወራት ስትንቋቋ የከረመችው መኪና ያን ዕለት ጸጥ አለች። አዲስ መኪና የተሰጠኝ ያህል ደስ አለኝ። ማድረግ የነበረብኝ ወደ ጋራዥ መሄድ ነው። ያደረግኩት ግን በማግስቱ፣ የፊቱ ወንበር ቀበቶ ተበላሽቷል፣ እስኪሠራ ድረስ ከኋላ ብትሆኚ ይሻላል ማለት ነው። ቀበቶው ምንም አልሆነም ነበር።

እስኪሠራ ያልኩት አራት ዓመት ፈጀ። በመሃሉ ቀበቶው እንዴት ሆነ እያልሽ ስትጠይቂኝ የመለስኩልሽን ሁሉ አስታውሳለሁ። ዕቃው ጠፋ፤ ዕቃው ተገኘ ግን ለሌላ ሞዴል ነው፤ መጣ ግን ቀለሙ አልገጠመም። የቀበቶ ቀለም ለማን እንደሚገጥም እግዜር ይወቀው። አንድ ቀን መብራት ይዞን ቆመን ሳለ አንድ ሰውዬ በመስኮቴ ጎንበስ ብሎ፣ ሾፌር፣ እትዬን ካደረስክ በኋላ ባዶ ነህ ወይ ሲለኝ፣ አንቺ ከኋላ «ባዶ ነው፣ ውሰደው» ብለሽ ነበር። ሁለታችንም ሳቅን። ሳቅሽን ከእኔ ቀድመሽ እንደጨረስሽ ግን አስተውያለሁ።

ፊት ትቀመጪ በነበረበት ጊዜ ብርቱካን ትልጪልኝ ነበር። ክሩን ለቅመሽ፣ አንድ አንዱን እየነጠልሽ፣ እኔ ዓይኔን ከመንገዱ ሳላነሳ መዳፌን ስዘረጋ ታስቀምጪልኝ ነበር። ወደ ኋላ ከሄድሽ በኋላ ሁለት ጊዜ ሞከርሽ። በሁለተኛው ድንገት ፍሬን ስይዝ ብርቱካኑ በሸሚዜ ኮሌታ ገብቶ ወገቤ ደረሰ። ከዚያ ተውሽው። ወሬሽም በሞተሩና በነፋሱ መሃል እየተቆራረጠ ስለሚደርሰኝ «እ?» እያልኩ አሰለቸሁሽና እሱንም ተውሽው። ጸጥ ያለች መኪና ፈልጌ ነበር፤ አገኘሁ።

ከሄድሽ በሦስተኛው ቀን ወደ ጆሮ ተመለስኩ። ወረፋ በዝቶብኛል፣ እርስዎ ይፍቱት፣ እኔ እየተመላለስኩ አሳይዎታለሁ አለኝ። መኪናዋ በክሪክ ተነስታ፣ ከሥሯ ድጋፍ ተደርጎላት፣ በጀርባዬ ተስቤ ገባሁ። ዘጠኝ ዓመት የነዳኋትን መኪና ከታች አይቻት አላውቅም ነበር።

የእኛ ዓይነቷ ርካሽ መኪና ኋላዋ ላይ ብዙ ነገር የላትም። ሁለቱን ጎማዎች አንድ ወፍራም ብረት ያያይዛቸዋል። በየጎማው በኩል አንድ ጥቅል ሞላ አለ፤ ክብደቱን የሚሸከመው እሱ ነው። ከሞላው አጠገብ ሾኩ ቆሟል። እስከዚያ ቀን ድረስ ተሸካሚው ሾኩ ይመስለኝ ነበር፤ አይደለም። ሞላው ይሸከማል፣ ይነጥራልም። ሾኩ ደግሞ በውስጡ ባለው ዘይት ንጥረቱን ይዞ፣ አንዴ ከተነሳህ ይበቃሃል ይለዋል። ዘይቱን ካፈሰሰ ሞላውን የሚመክረው የለም። በሾኩ ጫፎች ላይ ብረት ከብረት እንዳይጋጭ የላስቲክ ቁራጭ ይገባል፤ ጋራዥ ውስጥ ጎሚኒ ይሉታል። የእኛ የቀኙ ሾክ በዘይት ርሶ አፈር ለብሷል፤ የላይኛው ጎሚኒ ተሰነጣጥቆ ግማሹ የለም። መኪናዋ ባዶ ስትሆን ብረቱ በክፍተቱ ውስጥ እየዘለለ ይመታል። ክብደት ሲጫነው ክፍተቱ ይጠባል፣ ድምፁም ይጠፋል።

«እንግዲህ እትዬ ናቸው የጎሚኒውን ሥራ ሲሠሩ የኖሩት» አለኝ ጆሮ።

መኪና ሥር ተኝቶ ይህን መስማት ከባድ ነው፤ መሄጃ የለም።

የከፋው ደግሞ ሌላ ነው። ድምፁ ጠፋ እንጂ ብልሽቱ አልጠፋም። የቀኙ ጎማ ቦታ ቦታው ጎድጎድ ብሎ ተበልቷል፤ ፍሬን ስይዝም ከሚገባት በላይ ርቃ ነበር የምትቆመው። አንቺን አሳፍሬ የነዳሁት ይህችን መኪና ነው።

የኪሎውንም ነገር አጣራሁ። ከመሥሪያ ቤት መፈተሻ ብረት በፊርማ አውጥቼ መታጠቢያ ቤት ያለውን ሚዛን ፈተሽኩት። ሃያ ሳስቀምጥበት ሃያ ሦስት አለ። ጎንበስ ብዬ ሳየው ባዶውንም መርፌው ሦስት ላይ ነው የሚቆመው። አንቺና ልጃችን ይህን ታውቁ ኖሯል፤ ሦስት እየቀነሳችሁ ነው የምታነቡት። በዚህ ቤት ውስጥ ያላወቀው ሚዛን መርማሪው ብቻ ነው። እንደ ደንቡ «ከአገልግሎት የታገደ» የሚል ቀይ ወረቀት ለጥፌበታለሁ።

በዚህ ደስ ብሎኝ ለልጃችን ደወልኩላት። ስልሳ ስምንት ኪሎ መሆኗ ተረጋግጧል፣ ለእናትሽ ንገሪያት አልኳት።

«አባዬ፣ እናቴ በሦስት ኪሎ ምክንያት ከቤት የወጣች ነው የመሰለህ?»

«ታዲያ በምንድን ነው?»

«ቀበቶው ደህና እንደነበረ ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ ታውቃለች። አንተ ሥራ ሄደህ እሷ እየነዳች ፈተና ያደረሰችኝ ቀን እኮ እኔ ፊት ነበርኩ፤ በእጇ አሰረችልኝ። አንተ ራስህ እስክትነግራት ነበር የምትጠብቀው። አንተ ሄደህ ለመካኒክ ነገርከው።»

ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ መታጠቢያ ቤት ወለል ላይ፣ ከታገደው ሚዛን ጎን፣ ብዙ ተቀመጥኩ። ለካ ቀበቶው እንዴት ሆነ ስትዪኝ ስለ ቀበቶው አልነበረም። በር እየከፈትሽልኝ ነበር። እኔ ደግሞ ቀለሙ አልገጠመም እልሻለሁ።

በማግስቱ ሁለቱንም ሾክ ቀየርኩ። የሞተው አንዱ ነው ብዬ ተከራክሬ ነበር፤ ጆሮ ግን ጥንድ ካልተቀየረ መኪናዋ ታነክሳለች አለኝ። የላይኛውን ብሎን ለማግኘት የኋላውን ወንበር መንቀል ነበረብኝ። ከሥሩ ሁለት የፀጉር ማስያዣዎችሽንና ደርቀው ጠጠር የሆኑ የብርቱካን ፍሬዎችን አገኘሁ። የፀጉር ማስያዣዎቹን መሳቢያሽ ውስጥ አስቀምጫለሁ። ፍሬዎቹን ለምን ኪሴ እንደከተትኳቸው አላውቅም።

በመጨረሻ የታችኛውን ብሎን ጥብቅ አድርጌ አሰርኩና ጨረስኩ አልኩ። ጆሮ መጥቶ አየና «ይፍቱት» አለኝ። ለካ መኪናዋ ጎማዋ ተንጠልጥሎ ሳለ የታሰረ ጎሚኒ፣ መሬት ስትነካ ይጠመዘዝና በጥቂት ወራት ይቀደዳል። ብሎኑ ጠብቆ የሚታሰረው በአራት እግሯ ቆማ፣ የራሷን ክብደት ተሸክማ ሳለች ነው። ፈታሁት፣ አወረድኳት፣ እንደገና በዚያ ጠባብ ቦታ ተስቤ ገብቼ አጠበቅኩት። የለበስኩት የማትወጂውን ቡናማ ሸሚዝ ነበር፤ ከእንግዲህ አታይውም።

ትናንት ባዶዋን ይዣት የትምህርት ቤቱን ጉብታ ተሻገርኩ። ዝም። ዞሬ ተመለስኩ። ዝም። በአምስተኛው ጊዜ የትምህርት ቤቱ ዘበኛ እጁን አንስቶ አስቆመኝና ማንን ልትወስድ ነው የምትመላለሰው አለኝ። ማንንም፣ ድምፅ እያዳመጥኩ ነው አልኩት። የምን ድምፅ አለኝ። የሌለውን አልኩት። ታርጋዬን ጻፈ።

ከእንግዲህ በየስድስት ወሩ ኋላዋን በግራም በቀኝም ተጭኜ እለቃታለሁ፤ አንዴ ተነስታ ካልቆመች ወደ ጆሮ እወስዳታለሁ። ሾኩ ዘይት ማልቀስ መጀመሩን፣ ጎሚኒው መሰንጠቁን፣ ጎማው መጎድጎዱን ጎንበስ ብዬ አያለሁ። ድምፅ ስሰማ ደግሞ የሚመጣበትን እፈልጋለሁ እንጂ የሚቀመጥበትን ሰው አልፈልግም። ስሰማም መጀመሪያ የምነግረው ለአንቺ ነው፤ ጆሮ ሁለተኛ ይስማ።

አሁን ወደ ቅዳሜ ልምጣ። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ መኪናዋን እህትሽ በር ላይ አቆማለሁ። ጥሩምባ አልነፋም። ትርፍ ቁልፏ እዚህ ፖስታ ውስጥ ነው። መንጃ ፈቃድሽ ከእኔ በሁለት ዓመት እንደሚቀድም አውቃለሁ፤ መንገዱ ጠባብ ነው እያልኩ መሪውን የያዝኩብሽም ያው እንደ ቀበቶው ነው። እኔ ከኋላ በቀኝ በኩል ተቀምጬ እጠብቅሻለሁ። በአውቶቡስ መሄድ ከመረጥሽ በአጠገቤ እለፊ፤ አልወርድም፣ አልለምንሽም፤ ከአውቶቡሱ ኋላ ኋላ ቀስ ብዬ እከተላለሁ።

ከነዳሽ ግን የፊቱ ወንበር ባዶ ይሆናል። ስንት ኪሎ ሜትር ከኋላ እንደምቆይ የምትወስኚው አንቺ ነሽ። ምርቃቱ ድረስ ካልሽም ይገባኛል፤ ማጅራትሽን እያየሁ እሄዳለሁ። መንገድ ላይ ቆም ብለሽ ወደ ፊት ና ያልሽኝ እንደሆነ ደግሞ፣ ብርቱካኑን የምልጠው እኔ ነኝ። ክሩንም እለቅማለሁ።

ሰማንያ አንድ ኪሎ፣ በተፈተሸ ሚዛን፣

ባልሽ

ቀበቶው ደህና ነው። ሁልጊዜም ደህና ነበር።