የኣደይ ዘቢብ ስም

መቐለ፣ ጥር 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምወድሽ ልጄ ለሮሃ፣

እንደምን አለሽልኝ? ትንሿስ? ባልሽ አንዶም ዳይፐር መቀየር ለመደ ወይስ አሁንም አፍንጫውን ይዞ ይሸሻል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ጎረቤታችን ኣደይ ዘቢብም ከዓይደር ሆስፒታል ከወጡ ዛሬ አሥራ ሁለት ቀናቸው። እግራቸው ገና ያብጣል፣ ትንሽ ሲራመዱም ትንፋሽ ያጥራቸዋል፣ ምላሳቸው ግን ፈጽሞ ድኗል። የእኅታቸው ልጅ ጎደፋ ከዓዲግራት መጥቶ ሲያስታምማቸው ሰነበተ። “ለማስታመም መስሎኝ መጣሁ፣ ሽሮ አሠራር ስማር ከረምኩ” እያለ ሁላችንንም ያስቃል።

ደብዳቤ መጻፌ ሳይገርምሽ አይቀርም። በስልክ ስናወራ አንዶም አጠገብሽ ሆኖ ይሰማል፣ እኔም ስቸኩል አማርኛው ይጠፋብኛል። በትግርኛ ብጽፍልሽ ደግሞ አንባቢሽ እሱ ነው፤ የማይጥመውን እየዘለለ ያነብልሻል። ስለዚህ በስምንተኛ ክፍል አማርኛዬ ጽፌ ወደ ሐዋሳ በምትመጣው በወይኒ እልክልሻለሁ። ለብቻሽ አንብቢው፣ ጓለይ፣ ልጄ።

ነገሩ የልጅቷ ስም ነው። አንዶም “ዘቢብ የሚለውን ስም ያሰብኩት እኔ ነኝ” ብሎሻል አይደል? ውሸቱን ነው። እኔ ነኝ በየቀኑ እየደወልኩ የነዘነዝኩት። በዚህ ስም የተነሳ ሳምንት ሙሉ ተኮራርፋችሁ እንደሰነበታችሁ ሰማሁ። ባልሽን ታረቂው፤ እናቱን ሊሸፍን ነው። ባለፈው ደግሞ “እማዬ፣ ትምህርት ቤት ስትገባ ‘የኬክ ዘቢብ’ እያሉ ይስቁባታል። ደርቆ የተጨማደደ ነገር እንዴት የልጅ ስም ይሆናል? እኔ ሳሊና ነው የምላት” ስትዪኝ ስልኩ የተቋረጠው በኔትወርክ አይደለም። የዘጋሁት እኔ ነኝ። መልሱ ይኸውልሽ።

የኣደይ ዘቢብ አባት የገጠር ቄስ ነበሩ። ኣደይ በተወለዱበት ጊዜ በደብሩ ዘቢብ አልቆ ነበር። የቁርባኑ ወይን የሚዘጋጀው ከዘቢብ ነው፤ እሱ ከሌለ ቅዳሴ የለም፣ ክርስትና የምትነሳ ሕፃንም የምትቆርበው የለም። ሰማንያ ቀን ሞላ፣ ዘጠና አለፈ፣ ሕፃኗ ሳትጠመቅ ቀረች። እናትየው ስታለቅስ፣ ከወሎ የመጣ ሐቢብ የሚባል እስላም ነጋዴ በዚያ በኩል ሲያልፍ ሰማ። ለልጆቹ የያዘውን አንድ ከረጢት ዘቢብ ከአህያው አውርዶ “እንኩ፣ የኔዎቹ ለውዝ ይበሉ” አላቸው። በነጋታው ተቀደሰ፣ ልጅቷ ተጠመቀች፣ ቆረበች። አባትየውም “ከእንግዲህ በዚህ ቤት ዘቢብ አያልቅም” ብለው ስሟን ዘቢብ አሏት። ኣደይም ይህን የአባታቸውን ቃል ይዘው ይኸው እስከ ዛሬ በየዓመቱ ለደብሩ ዘቢብ ያስገባሉ።

ልጅ አልወለዱም። እኔ እንዳ ኢየሱስ ካምፓስ ጽዳት ስሠራ ግን አንዶምን ያሳደጉልኝ እሳቸው ናቸው። ጠዋት አስረክቤያቸው እሄዳለሁ፣ ማታ ኪሱ ዘቢብ ሞልቶ እረከበዋለሁ። ጥርሱ የተበላሸው ያኔ ነው፤ ጠይቂው።

ደረቅ ነው ያልሽው እውነት ነው። ግን ውኃ ውስጥ ዘፍዝፊውና ትንሽ ቆይተሽ እዪው፤ ያብጣል፣ ይለሰልሳል፣ ይዞት የኖረው ጣፋጭ ሁሉ ይወጣል። በዚያ ላይ በሰፈራችን ሦስት ሳሊናዎች አሉ። ዘቢብ ያሉን አንድ ናቸው።

አሁን ደግሞ ትልቁ ጥፋቴ። ሆስፒታል ሳሉ እህል አልቀምስ ብለው ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዙረው ተኝተው ነበር። ጨነቀኝና “ኣደይ፣ ያንዶም ልጅ እኮ ዘቢብ ተብላለች” አልኳቸው። ዓይናቸውን ገልጠው “ማን ፈቀደላችሁ?” አሉኝ። ወዲያው ሾርባ ጠየቁ። ይኸው ከወጡ ጀምሮ ለጎረቤቱ፣ ለባጃጅ ነጂው፣ መርፌ ለምትወጋቸው ልጅ ሳይቀር “ሐዋሳ ሞክሼ አለችኝ” እያሉ ነው። እኔም እንግዲህ ሳላማክርሽ ልጅሽን ሰይሜብሽ ተቀመጥኩ።

ይቅር በዪኝ። ዘጠኝ ወር የተሸከምሽው አንቺ ነሽ፣ ስም የምታወጪውም አንቺ። ለክርስትናዋ አሥራ ስምንት ቀን ቀርቷል፤ የወደድሽውን አውጪላት፣ ለኣደይ ዘቢብ እኔው እነግራቸዋለሁ። ሐኪሙ ለብቻዬ ጠርቶ ያለኝም አለ፤ እሱን ወረቀት ላይ አላሰፍረውም። ብቻ መምጣታችሁን ለክረምት አታቆዩት።

ጡትሽን ወተት ይሙላው፤ ቤታችሁን ሳቅ አይለየው፤ ልጅሽን አድጋ ስትጠሪያት ‘አቤት’ ስትልሽ ለማየት ያብቃሽ።

እናትሽ ኣብርሀት

ወረቀቱን ሳላጥፈው ኣደይ ዘቢብ በከዘራቸው በሩን እየመቱ ገቡ። “ምንድነው የምትጽፊው?” አሉኝ። ልደብቅ ብዬ አልሆነልኝም፤ የዋሸሁትን ሁሉ ዘረገፍኩላቸው። ስቀው ስቀው ሳል ያዛቸው።

“አውቄ ነበር እኮ” አሉኝ። “አንቺ ስትዋሺ ሻሽሽን ትነካኪያለሽ።”

“ታዲያ ለምን ለአገሩ ሁሉ አወሩ?”

“ደስ ስላለኝ ነዋ!”

ከዚያ አጠገቤ ተቀመጡና እንዲህ ብለሽ ጻፊላት አሉኝ፤ “ሳሊና ጥሩ ስም ነው፣ በያት። ብቻ ለፋሲካ ይዘሻት ነይ። አንቺ ከዚያ ማዶ ሳሊና ብለሽ ትጠሪያታለሽ፣ እኔ ከዚህ ማዶ ዘቢብ እላታለሁ። ወደ ማናችን ዞር እንደምትል እናያለን። እኔ ኪሴን ሞልቼ ነው የምጠብቃት።”

“ጥርስ የላትም እኮ” ብላቸው፣ “ዘፍዝፌ እጠብቃታለሁ” አሉ።

አሁን ወጥተዋል፤ በሩ ላይ ደርሰው ግን ተመልሰው ነበር። “ለፋሲካ የሚለውን ጻፍሽው?” አሉኝ። ጽፌዋለሁ አልኳቸው። “ድገሚው” አሉኝ።

ለፋሲካ።