«አድርሱኝ» ስል ለሰማችሁኝ ቋጣሪ ከዋክብት

ለክቡራን አምስቱ ቋጣሪ ከዋክብት
በምዕራብ ሰማይ፣ ታንኳ ከሚገባበት የኮራል ዐለት በር በላይ

ጤናችሁ እንዴት ሰንብቷል? ደመና ሳይጋርዳችሁ፣ ባሕርን እንደ ምንጣፍ የምታጥፉበትና ጊዜን እንደ ገመድ የምትቋጥሩበት እጃችሁ ሳይዝል እንደምትገኙ ተስፋ አደርጋለሁ። እኔ የፋይሎ ደሴት ታንኳ መሪ ሳውሩፒ፣ በእናንተ ቸርነት፣ የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት ከነበርኩበት ዕድሜ ጥቂት ወራት ብቻ ጨምሬ ደኅና ነኝ። ውለታችሁ ተደብቆ እንዳይቀር ይህ ደብዳቤ በታንኳ ቤቱ ፊት፣ አሸዋው ላይ፣ ሕዝቡ በተሰበሰበበት እንዲነበብ ነግሬያለሁ።

፩ኛ. ከምስጋና ልጀምር። ባለቤቴ ለታወር ሳንባዋን ታማ በትኩሳት ስትቃጠል፣ መድኃኒት ላመጣላት ሰኞ ማለዳ ወደ ኦላማር ደሴት ሸራ ዘረጋሁ፤ መንገዱ የአንድ ቀን ነው። በጤና ጣቢያው ወረፋው በዝቶብኝ የተነሣሁት ሐሙስ ስለነበር፣ መዘግየቴ አሳፍሮኝ እናንተን ለመንኩ። የያዝኩትን የተጠበሰ የዳቦ ዛፍ ፍሬ በልቼ ሳልጨርስ የፋይሎ ኮኮናቶች ብቅ አሉ። የማንም መሥሪያ ቤት ጉዳይ እንዲህ ተቀላጥፎ አያውቅም። ደሴቱ ላይ ግን አሥራ አንድ ዓመት አልፎ ነበር።

፪ኛ. ያደረጋችሁልኝን አቀባበልም ሳላነሣ አላልፍም። አራት ዓመቷ ሳለ የተውኳት ልጄ ኢነማይ አሥራ አምስት ሞልቷት ጎደሬ ተሸክማ ስታልፍ አየችኝና አክስቷን «ይሄ ልጅ ደግሞ የማን ነው?» ብላ ጠየቀች። የለታወር ወንድም ሬዌ በእጄ የያዝኩትን መድኃኒት አይቶ፣ «እሰይ ወንድሜ! ደረስክላት! በል አሁን ቆፍረህ አውጣና አጠጣት» አለኝ። ለታወር እኔ በሄድኩበት በዚያው ሳምንት፣ እሑድ ዕለት፣ እንደሞተች የነገረኝ እሱ ነው። እስከዚያ ድረስ በየቀኑ ደግፈው ወደ በሩ እያወጧት ባሕሩን ታይ ነበር አሉ፤ «ዛሬ ይመጣል፣ ሸራውን እኔ አውቀዋለሁ» እያለች።

፫ኛ. ቅሬታዬ እዚህ ላይ ነው። ክቡራን እንደምታውቁት፣ በእኛ ዘንድ ታንኳ አይሄድም፤ ታንኳው ባለበት ይቆማል፣ የሚመጣው ደሴቱ ነው። ስለዚህ እናንተን የሚለምን ሰው «ደሴቴን አምጡልኝ» ይላል፤ ያን ጊዜ ለቋጠራችሁት መንገድ የምትወስዱት ዓመት ከራሱ ዕድሜ ይቀነሳል፣ እዚያው ያረጃል። «አድርሱኝ» ያለ እንደሆነ ግን እሱ አይነካም፤ ዓመቱ የሚያልፈው በሚጠብቁት ላይ ነው። እኔም «አድርሱኝ» አልኩ። በወጣትነቴ በትልቅ መርከብ ላይ ስሠራ «እንሄዳለን፣ እንደርሳለን» የሚለውን የመርከበኞች አነጋገር ለምጄ ኖሮ ምላሴ እንደሳተኝ ለሕዝቡ አስረዳሁ። ሽማግሌዎቹም «መርከብ ያበላሸው ምላስ!» ብለው ከልባቸው አዘኑልኝ። እናንተ ይህን ሁሉ ሥልጣን ይዛችሁ፣ «ሳውሩፒ፣ አምጡልኝ ማለትህ ነው ወይ?» ብላችሁ አንዴ ብትጠይቁኝ ምን ነበረበት? ከአፍ ከወጣ አፋፍ የሚለው ተረት እናንተ ዘንድ ሕግ መሆኑን ማን ነግሮኝ?

፬ኛ. አራተኛውን ቅሬታ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ሰረዝኩት። ምላሴ አልሳተኝም። ሁለቱንም ቃል አባቴ ከነትርጉማቸው አስተምሮኛል፤ «አምጡልኝ» ከአፌ ጫፍ ደርሶ ነው የመለስኩት። ጢሜ ያማረ የሃያ ዘጠኝ ዓመት ሰው ነበርኩ፤ ሸብቼ ከለታወር ፊት መቆምን ጠላሁ። ለእነሱ ጥቂት ቀን ቢያልፍባቸው ነው ብዬ ራሴን አታለልኩ። «አምጡልኝ» ብል ኖሮ ያንኑ ሐሙስ አርጅቼ መድኃኒቱን አጠጣት ነበር። ማንንም ሳልለምን በሸራዬ ብመጣ እንኳ ያንኑ ማታ እደርስ ነበር። የሞተችው እሑድ ነው። ስለዚህ ይህ ቁጥር ቅሬታ የለውም፤ በደሉ የእኔ ነው፣ ለመጻፍ ደግሞ ይህን ያህል ጊዜ መፍጀቴ ሌላ በደል ነው።

በመጨረሻም ስለ ቅልጥፍናችሁ፣ ስለ ታዛዥነታችሁ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ስዋሽባችሁ እየሰማችሁ ከሰማይ አንዲት ቃል ስላልመለሳችሁልኝ፣ ግንባሬን አሸዋ አስነክቼ እጅ እነሣለሁ።

ከሚስቱ ዕድሜ ይልቅ ለጢሙ የሳሳው፣
ሸራው ያልተቀደደ፣ ጉልበቱ ያልደከመ ትሑት አገልጋያችሁ፣
ሳውሩፒ ዘፋይሎ

ማስታወሻ፦ ደብዳቤውን አሽጌ ልነሣ ስል ኢነማይ የመድኃኒቱን ከረጢት ይዛ መጣች። ነርሷ መድኃኒቱን የሰጠችኝን ቀን በቀይ ቀለም ጽፋበት ኖሯል፤ እኔ ልብ አላልኩትም፣ ልጄ ግን ትምህርት ቤት ገብታለች። «አባ፣ ይሄ እኮ ሰኞ ይላል። ማክሰኞና ረቡዕ የት ነበርክ?» አለችኝ። ወረፋ አልነበረም፣ ክቡራን። ኦላማሮች አዲስ ታንኳ ሊያስመርቁ የኮኮናት መጠጥ ቀድተው፣ «እንዳንተ ያለ መሪ አይተን አናውቅም» እያሉ ሲያሞግሱኝ ተቀምጬ ነበር። አሥራ አንዱን ዓመት በእናንተ አሳብቤ ስንት ወር ኖሬያለሁ፤ ለነዚያ ለሁለቱ ቀናት ግን ሰማዩን ሁሉ ብፈልግ የማሳብብበት ኮከብ አጣሁ።